ዝናብ ያወጣው ስም

«ጧፉ ረጥቧል?»

«ሁለቱ ረጥበዋል። አንዱ ደህና ነው።»

የይለፍ ቃሉ መልስ ትክክል ነው። ወይንሀረግ ከልደታ ማርያም አጥር ሥር፣ ከጧፍ ሻጮቹ ጀርባ ቁጢጥ አለች። ነጠላዋን እስከ ቅንድቧ ሳበች። ሰውየው ከጎኗ ቆሞ፣ ፊቱን ወደ ቤተ ክርስቲያኑ አዙሮ፣ እንደሚጸልይ ሰው ከንፈሩን ያንቀሳቅሳል።

የሰውየው የምስጢር ስም «አጎቴ» ነው፤ እውነተኛ ስሙ ተስፋሚካኤል። የእሷ የምስጢር ስም «መርፌ» ነው። ወይንሀረግ የሚለውንም ቢሆን እናቷ አላወጣችላትም፤ እሱ ነው ያወጣላት። እውነተኛ ስሟ ያለበት ፋይል በእሱ መሳቢያ ተቆልፎበታል። ሌላ ቅጂ የለውም። ጋራዡ ውስጥ በሰላይነት ማን እንደላካት ከእሱ በቀር የሚያውቅ አንድ ሰው በዚህ ከተማ የለም።

ቀኑ ነሐሴ አንድ ነው። ፍልሰታ የገባበት፣ የልደታም ወርኃዊ ቀን። ጋራዡ የሚለቃት በወር አንዴ፣ በዚህ ቀን ብቻ ነው፤ እሱም ከጠባቂ ጋር። ጠባቂዋ ቤካ ከመንገዱ ማዶ ሻይ ቤት በር ላይ ተቀምጦ ዓይኑን አልነቀለባትም።

«ያፈኑት ሰው በሕይወት አለ» አለች ወደ መሬት እያየች። «ጋራዡ ግቢ ያለው ኮንቴይነር ውስጥ ነው። ዛሬ ስምንት ሰዓት ላይ ከከተማ ያወጡታል።»

«በምን?»

«በአምቡላንስ። ነጭ ቫን ነው። ጽሑፉን የምለጥፈው እኔ ነኝ።»

«የተሰረቁት መኪኖች የሻንሲ ቁጥሮች የት አሉ?»

«ተቀምጠዋል።»

«የጻፍሽበትን ደብተር ዛሬ አምጪልኝ።»

«መጀመሪያ ሰውየውን አውጡት። እኔንም።»

«ቫኑ ከግቢ እንደወጣ እናስቆመዋለን። አንቺ ታገሺ።»

«አሥራ አንድ ወር ታገስኩ።»

«እንግዲያው ግማሽ ቀን ነው የቀረሽ» አለና ተሳልሞ ሄደ።

ካፊያው ያኔ ጀመረ። ተስፋሚካኤል ሮጥ ብሎ ከአጥሩ ጥግ የቆመች ጠቆር ያለች ሰማያዊ ራቭ ፎር ውስጥ ገባ። ወይንሀረግ ይህችን መኪና ከእሱ ጋር አይታት አታውቅም። እሷ ደግሞ መኪና ስታይ ነጂውን አታይም፤ ዓይኗ ቀጥ ብሎ የሚሄደው አርማው ላይ ነው። የኋላ በሩ ባዶ ነው። አንድም አርማ የለበትም። በሰም ተወልውሎ ያብረቀርቃል።

ዝናቡ በሰሙ ላይ ፍሬ ፍሬ ሆኖ ቆመ። አንድ ቦታ ላይ ግን አልቆመም። እዚያ ጠፍጣፋ ሆኖ ተኛ።

መጀመሪያ ሌ ወጣች፣ ቀለበቷን እግሯ ላይ አድርጋ። ቀጥላ ን። መጨረሻ ላይ ሳ፣ ቀኝ እግሯን ዘርግታ።

ሌንሳ።

መኪናዋ ታጥፋ ሄደች።

ወይንሀረግ ከተቀመጠችበት አልተነሳችም።

እነዚያን ሦስት ፊደላት የነቀለቻቸው እሷ ናት፤ ከሰባት ሳምንት በፊት። በፀጉር ማድረቂያ አሙቃ፣ በዓሣ ማጥመጃ ክር ከሥር ከሥራቸው እየገዘገዘች። መኪናዋ የዋቅሹማ ናት። ዋቅሹማ የተሽከርካሪ መርማሪ ነው፤ ሊብሬውና ሻንሲው የማይገናኝ መኪና ሲበዛበት ተከታትሎ ጋራዡ ድረስ ደረሰ። ፍርድ ቤት ሊመሰክር ሦስት ቀን ሲቀረው ከነመኪናው አፈኑት፤ ኮንቴይነሩ ውስጥ ያለውም እሱ ነው። ሌንሳ ልጁ ናት። ስሟን ከመኪናው ጀርባ በብረት ፊደል አስለጥፎ ነበር። ወይንሀረግ ስለ መኪናዋ ለተስፋሚካኤል ያኔውኑ ነግራው፣ ከሳምንት በኋላ «ተቃጥላ ተገኘች» ብሏት ነበር።

አልተቃጠለችም። ጉቦ ሆና ለእሱ ተሰጥታለች። አርማ ሲነቀል ስሙ አብሮ የሚነቀል ከሚመስላቸው ሰዎች አንዱ እሱ ነው። ፊደል የነበረበት ቀለም ግን እንደ ጎረቤቱ ፀሐይ አልመታውም፤ ሙጫውም አጥንቱ ድረስ ገብቷል። በደረቅ ቀን ሰም ይሸፍነዋል። ውሃ ሲነካው ይናገራል።

ትሩጥ? ብትሮጥ ዋቅሹማን እዚያው ይጨርሱታል። ፖሊስ ጣቢያ ትሂድ? ምን ብላ? መርፌ ነኝ ብላ?

«እትዬ፣ ጸሎቱ አላለቀም እንዴ?» ቤካ መንገዱን ተሻግሮ አጠገቧ ቆሟል። «ኃጢአትዎ ብዙ ነው መሰለኝ።»

«ያንተን ጨምሬ እየለመንኩ ነው የዘገየሁት።»

ሳቀ። ክንዷን ይዞ አስነሳት። የያዘበት አያያዝ ግን የሳቀ ሰው አያያዝ አይደለም።

*

ጋራዡ ጠመንጃ ያዥ ሰፈር ውስጥ፣ መኪና በግድ በሚያሳልፍ መንገድ መጨረሻ ላይ ነው። አንድ የብረት በር አለው። ሌላ መውጫ የለውም። ከበሩ አጠገብ መንገደኛ የሚያየው የአርማ ሰሌዳ ተሰቅሏል፤ ሦስቱ አልማዝ፣ ቀለበቶቹ፣ የበጉ ራስ፣ አዲሶቹ የኤሌክትሪክ መኪኖች የሚያደርጉት ስሙ ገና ያልተለመደ ሁሉ። ሠላሳ አንድ አርማ። ስትገባ አንድ በአንድ አየቻቸው። ማንም አልነካቸውም።

ባለቤቱ ጋሽ ሰላሁን ቀጭን፣ ፀዳ ያለ፣ ስድሳን የተሻገረ ሰው ነው። ድምፁን ከፍ አድርጎ አያውቅም።

«ተሳለምሽ?»

«ተሳለምኩ ጋሼ።»

«በይ ወደ ሥራሽ።»

ሥራውን ያስተማራት እሱ ነው። በመጀመሪያው ሳምንት አንድ ተራ ላንድክሩዘር ፊት አቁሞ V8 የሚል አርማ በእጇ ላይ አኖረ። «ይሄ አንድ ፊደልና አንድ ቁጥር ነው» አላት። «ለጥፊውና ትራፊክ መንገድ ይከፍትለታል። ንቀዪውና ያስቆመዋል። ሞተሩ ያው ነው። ሰው ብረት አይፈራም፤ የሚፈራው ጽሑፉን ነው።» ክፉ ሰው ነው፤ ይህን ግን ልክ ነበር። የጋራዡ ሥራም ይኸው ነው፤ ለተሰረቀ መኪና ሌላ ማርክ፣ ሌላ ታርጋ፣ ሌላ ስም። ሲያስፈልግም የመሥሪያ ቤት ጽሑፍ።

ነጩ ቫን ፊቱን ወደ በሩ አድርጎ ቆሟል። ጀርባው ከግንቡ ክንድ አይርቅም።

«ልጎትተው?» አለ ቤካ።

«ተወው፣ እገባለሁ» አለች። «ናፍጣውን ልታጨስብኝ ነው?»

በጎን ገባች። ደረቷ ከቫኑ፣ ጀርባዋ ከግንቡ። መተንፈሻ የለም። ማየትም ግን ማንም አይችልም።

በሁለቱም ጎኑ የሚለጠፈው ከምሳ በፊት አልቋል፤ «ሰናይ እጆች የሕክምና በጎ አድራጎት»። ጋሽ ሰላሁን የእጆቹ ሥዕል ላይ ልብ ይጨመርበት ብሎ ነበር፤ እምቢ አለችው። እውነተኛ መሥሪያ ቤት ጌጥ አያበዛም። ወፍራም ቀይ፣ እኩል እግር፣ በቃ። የቀረው የኋላው ነው።

ከመግባቷ በፊት የስቲከር መቁረጫ ማሽኑን ሁለት ጊዜ አስኬዳው ነበር።

«ሁለት ጊዜ?» አለ ቤካ ከውጭ።

«ቀዩ ተበላሸብኝ። ይልቅ ውሃ አምጣልኝ፣ ኦሞ ጨምረህ።»

እግሩ ሲርቅ ሰማች። ስድስት ቀይ ፊደላት ከነጠላዋ ሥር አወጣች። በቀጥታ ከቫኑ የኋላ በር ላይ፣ በጥፍሯም በመዳፏም እየጫነች አጣበቀቻቸው።

ሰው ታፍኗል።

ቤካ ባልዲውን ሲያቀብላት ነጩን የስቲከር ወረቀት ዘርግታበት ነበር። «አምቡላንስ» ይላል ነጩ። በሳሙና ውሃ አርጥባ አስቀመጠችው። አልጫነችውም። የላይኛውን ጠርዝ ክፍት ተወችው። የነሐሴ ዝናብ ከስምንት ሰዓት በኋላ አይቀርም፤ ከላይ ይገባል፣ ነጩን ይዞት ይወርዳል።

የጋሽ ሰላሁን እጅ ከጎን ገባ። ጽሑፉን ዳበሰ።

እጁ ቆመ።

«ለምን ወፈረ?»

«የድሮ ስቲከር ቅሪት አለበት ጋሼ። ካሉ እልጠዋለሁ። ሁለት ሰዓት ይፈጃል።»

ሰዓቱን አየ። «ይቅር።»

ስልኩ ጮኸ። አዳመጠ። «እሺ» አለ። «እሺ። አመሰግናለሁ።» ዘጋው።

«ነይ ውጪ። ሥራሽ ጥሩ ነው፣ ርግኣት።»

አልተነቃነቀችም። በዚህ እውነተኛ ስሟ አሥራ አንድ ወር ማንም አልጠራትም።

የሚያውቀው አንድ ሰው ብቻ ነው።

«ደብተሩ የት ነው?» አለ ጋሽ ሰላሁን።

«ደብተር የለኝም።»

«እሱ ግን አላት ይላል።»

«እሱ ብዙ ይላል።»

ቤካ በጥፊ መታት። «እርስዎ እያልኩሽ ኖሬያለሁ» አላት፤ ከልቡ የተከፋ ይመስላል።

«አትምታት» አለ ጋሽ ሰላሁን። «ከሰውየው ጋር ጫናት። እዚያ ስትደርስ ትናገራለች።»

*

የቫኑን የጎንና የኋላ መስታወቶች ራሷ ናት በስቲከር የሸፈነቻቸው። አሁን ጨለማው የእሷ ሥራ ነው። እጇ በፕላስቲክ ገመድ ታስሯል። አፏ ላይ የታሰረውን ጨርቅ ከወንበሩ ጠርዝ እየፈተገች ወደ አገጯ አወረደችው። ከፊት ለፊቷ የአንድ ሰው ትንፋሽ ይሰማል። በጥርሷ የእሱንም ጎትታ አወረደችለት።

ሳይረኑ ይጮኻል። ቢጮኹም ማንም አይሰማም።

«ማን ነሽ?» አለ ሰውየው።

«የመኪናህን ፊደላት የላጥኩት እኔ ነኝ።»

እግሩን ከእሷ ሰበሰበ።

«ከዚህ ከወጣህ፣ ጋራዡ በር ላይ የአርማ ሰሌዳ አለ። እያንዳንዷን ገልብጠህ እያት። ከጀርባቸው በምስማር የሻንሲ ቁጥር ጽፌባቸዋለሁ። ሠላሳ አንድ ናቸው።»

«ማን ልኮሽ?»

«አሁን ማንም።»

ጆሮዋን ወደ ጣሪያው አቀናች። ዝናቡ አቁሟል።

ጠዋት ሲያካፋ የነበረ ሰማይ፣ አሁን አቁሟል። ደረቅ ጎማ በደረቅ አስፋልት ላይ ሲሄድ ይሰማታል። መኪናው ወደ ቀኝ ታጠፈ። ቀጥ አለ። ሰንጋ ተራ ደርሰዋል ማለት ነው። ሰንጋ ተራን ካለፉ ቀለበት መንገድ ነው። ከዚያ ወዲያ ማንም ከኋላ ቆሞ የሚያነብ የለም።

«ሌንሳ ስንት ዓመቷ ነው?» አለችው። ለምን እንደጠየቀችው አታውቅም።

«ሰባት። ስሟን መኪናው ላይ ካላየች አትገባም።»

መኪናው ቆመ። የግንባታ መኪና መንገዱን የዘጋው መሰላት፤ ክላክስ በዛ። ሳይረኑም ምንም አልፈየደ።

ጣሪያው ላይ አንዲት ጠብታ።

ሌላ።

ከዚያ ጠጠር እንደተደፋ ሆነ። ርግኣት ዓይኗን ጨፈነች። ሰማዩ ተቀዶ ቫኑ ላይ ወረደ። ከኋላቸው አንድ ክላክስ በረዥሙ ጮኸ። ከዚያ ሌላ።

ከፊት የቤካ ስልክ ጠራ። «ምን? የቱ ጽሑፍ?» አለ። «ከኋላዬ ከሆንክ አንተ አትወርድም?» ሳይረኑ ጠፋ። በር ተከፈተ። ከጀርባዋ፣ ከቆርቆሮው ማዶ፣ ጥፍር ሲቧጥጥ ሰማች።

አይለቅም። እሷ በመዳፏ ነው የጫነችው።

«ጀለሴ፣ ምን እየላጥክ ነው?» የሚኒባስ ወያላ ድምፅ ነው።

«አንተ ምን አገባህ፣ ወደ ታክሲህ ግባ።»

«ሰው ታፍኗል ይላል እኮ። እናንተ፣ ኑ አንብቡ፣ እኔ ብቻ ነኝ እንዴ ያየሁት?»

ርግኣት በጀርባዋ ተንጋላ በሁለት እግሯ በሩን መታች። ዋቅሹማም መታ። ውጭ ያለው ጫጫታ አንዴ ጸጥ አለ። ከዚያ በሩ ተገነጠለ።

ብርሃን ገባ። ሰው፣ ጃንጥላ፣ ጩኸት። ቤካን አራት ሰዎች አስፋልት ላይ አስተኝተው ተቀምጠውበታል። የትራፊክ ፖሊስ እየሮጠ ነው። ወያላው ገመዳቸውን በቢላ ቆረጠ።

ዋቅሹማ ግን ማንንም አላየም። ጣቱን ዘረጋ።

ከሚኒባሱ ኋላ ሰማያዊዋ ራቭ ፎር ልትዞር ሞክራ፣ ጀርባዋን ሰጥታ፣ በአውቶቡስና በገልባጭ መኪና መካከል ተቀርቅራለች። ዝናቡ በኋላ በሯ ላይ ይወርዳል።

«የልጄ ስም ነው» አለ ዋቅሹማ። «መኪናዋ የእኔ ናት።»

ተስፋሚካኤል ወረደ። ሌላ መሄጃ አልነበረውም። መታወቂያውን ከፍ አድርጎ ወደ ፖሊሱ መጣ፤ አረማመዱ የሹም ነው። ጣቱን ግን ወደ እሷ ቀሰረ።

«ጽሑፉን የምትሠራላቸው ይህች ናት። ወይንሀረግ ትባላለች። ያዛት።»

አልዋሸም። ነገሩን የከፋ ያደረገውም ይኸው ነው። እጇ ላይ ያለው ሙጫ የእሷ ነው። የጣቷ አሻራ ሁሉም መኪና ላይ አለ። እውነተኛ ስሟ ያለው በእሱ መሳቢያ ነው።

ፖሊሱ ወደ እሷ ዞረ። ዋቅሹማ የፖሊሱን እጅጌ ያዘ። «መጀመሪያ እሱን» አለ። «በማን መኪና እንደመጣ ጠይቀው።»

ፖሊሱ የራቭ ፎሯን ጀርባ አየ።

ያቺ ጊዜ በቃቻት። ነጠላዋን ተከናነበች። በጃንጥላዎቹ መካከል አንድ እርምጃ፣ ሁለት እርምጃ። አንዲት የረጠበች ሴት ሆነች። ከዚያ ማንም ሆነች።

*

የተስፋሚካኤልን መሳቢያ ሲከፍቱት ፋይል አልተገኘበትም፤ ቀድሞ አቃጥሎታል። በመዝገብ ላይ ርግኣት የምትባል ሠራተኛ ኖራ አታውቅም። ተስፋሚካኤልና ጋሽ ሰላሁን ታሰሩ። ሠላሳ አንዱ አርማዎች ተገልብጠው ተነበቡ። አሁንም የምትፈለግ አንዲት ብቻ ናት፤ ወይንሀረግ የምትባል ስቲከር ሠሪ።

በኅዳር አንድ፣ ልደታ ማርያም አጥር ሥር አንዲት አዲስ ጧፍ ሻጭ ተቀምጣለች። ነጠላዋ እስከ ቅንድቧ ነው። አንዲት ሰማያዊ መኪና ከፊቷ ቆመች። አንድ አባት ከትንሽ ልጁ ጋር ወረደና ሦስት ጧፍ ገዛ። ፊቷን አላየም፤ ያኔም ቢሆን መጀመሪያ ጨለማ ነበር፣ ኋላም ዓይኑ መኪናዋ ላይ ነበር።

ሲዞሩ የመኪናዋን ጀርባ አየች። ፊደላቱ ተመልሰዋል። ሌላ ሰው ነው የለጠፋቸው። ሳ አንድ ጣት ያህል ወደ ታች ወርዳለች።

ክር ቢኖራት በአንድ ደቂቃ ታስተካክላት ነበር።

እጆቿን ከነጠላዋ ሥር አስገባች፤ መኪናዋም ሄደች።