የብላንዲንን ድምፅ እንዳይረሳ

«ደንቆሮ ነዎት እንዴ፣ ጌታዬ?!»

ሴቭራን ዶርሌ በድንጋጤ ክው አለ። አንዲት ልጅ በፓሪስ ዝናብ በስብሳ እጅጌውን ይዛዋለች። ካፌ ውስጥ ረስቶት የወጣውን ኮቱን ታቅፋለች።

«ይሄን ሁሉ መንገድ ስጠራዎት...!»

ኮቱን ነጠቃትና አመሰግናለሁ እንኳ ሳይል ሄደ። «እዩት ሲንጀባረር!» አለች ልጅቷ ከኋላው። እሱ ይህንንም አልሰማም።

ሴቭራን ለአሥራ አንድ ፊልሞች ሙዚቃ የደረሰ ሰው ነው። በዚያ ዓመት፣ እ.ኤ.አ. በ1962፣ ግራ ጆሮው ድርግም አለበት። ሐኪሙ ቀኙም እንደሚከተል ነገረው። ለማንም አልተናገረም። ጆሮው የማይሰማ የሙዚቃ ሰው ማን ይቀጥራል?

በማግስቱ የአዲሱን ፊልም ኦርኬስትራ ሊመራ ስቱዲዮ ሲገባ ያቺ ልጅ ቪዮላዋን ይዛ ከሙዚቃ ተጫዋቾቹ መሃል ተቀምጣለች። ስሟ ብላንዲን ነው። «ይቺ ልጅ ታውቅብኛለች» አለ በልቡ።

በሦስተኛው ቀን የፊልሙን ዋና ትዕይንት ሙዚቃ ሲቀርጹ ድንገት የብላንዲን ኖታ ማስቀመጫ ጓ! ብሎ ወደቀ። ሁሉም አቆመ።

«ማድሞዜል! እዚህ ቀልድ የለም! ዕቃዎን ይዘው ይውጡልኝ!» ሲል ሴቭራን ጮኸባት።

ፊቷ ቀላ። ቪዮላዋን ሸክፋ ልትወጣ ስትል በቀኙ በኩል ጠጋ አለችና በሹክሹክታ፦

«ከግራ በኩል ዋሽንቱ ስቶ ነበር... እርስዎ አልሰሙም። ሌሎቹ ሳይነቁብዎት ብዬ ነው የጣልኩት» አለችው።

ሴቭራን ሥራውን ጥሎ ተከተላት። የምድር ውስጥ ባቡሩ መግቢያ ላይ ደረሰባት።

«ለማን ነገርሽ?»

«ለማንም።»

«ለምን? ሰደብኩሽ፣ አባረርኩሽ...»

«ስለምወድዎት... ሙዚቃዎን ማለቴ ነው!» አለችና አቀረቀረች።

ሴቭራን ግድግዳውን ተደገፈ። «ፈርቻለሁ ብላንዲን። በጣም ፈርቻለሁ...»

«ነገ ራስዎ ይንገሯቸው። እኔ በቀኝዎ እቆማለሁ።»

ቆመችም። የፊልሙ ዳይሬክተር ሙስዬ ኩርቴ ሁሉንም ሰምቶ ሲጋራውን እስከ ጫፉ አጨሰ። ለሴቭራን ያቺ ሲጋራ የማታልቅ መሰለችው።

«ኦርኬስትራውን ሌላ ሰው ይመራልሃል» አለ በመጨረሻ። «ሙዚቃው ግን ያንተ ነው። ሂድና ጨርስልኝ!»

በጸደይ ሴቭራንና ብላንዲን ተጋቡ። ብዙም ሳይቆይ ቀኝ ጆሮው መድከም ጀመረ፤ ፍርሃቱም ተመለሰ።

«ሙዚቃውን በጭንቅላቴ እሰማዋለሁ» አላት አንድ ቀን። «ድምፅሽን ግን... እንዳልረሳው እፈራለሁ።»

«እንግዲያው ጆሮህ እስኪጠግብ አወራልሃለሁ!»

ቃሏን ጠበቀች። ጋዜጣውን፣ የመድኃኒቱን ብልቃጥ፣ የሥጋ ቤቱን ማስታወቂያ ሳይቀር ጮክ ብላ ታነብለታለች። እሱ ይስቃል። ግን በየማለዳው ዓይኑን ሲገልጥ፣ «ተነሳ እንጂ፣ አንተ ሰነፍ!» እስክትለው ድረስ ትንፋሹን ውጦ ይጠብቃል።

አንድ የመጋቢት ጠዋት ዳቦ ላይ ቅቤ እየቀባች ስለ ጎረቤታቸው ውሻና ስለ ፖስተኛው ታወራለት ነበር።

«ለምን ዝም አልሽ?» አላት።

ብላንዲን ዝም አላለችም ነበር።

ቢላዋው እጇ ላይ ቀረ። ከንፈሯ ሲንቀሳቀስ አየ፤ ገባው። ያ ሁሉ ጊዜ የፈራው ነገር በጠራራ ፀሐይ፣ ቁርስ ላይ መጣ። ጠረጴዛውን ጨምድዶ ያዘ።

ብላንዲን እንባዋን በክንዷ ጠረገች። ከዚያ ወሬዋን ካቆመችበት ቀጠለች። በዳቦው ውሻውን ሆነች፤ ተነስታ እየሮጠች ፖስተኛውን ሆነች፤ የቀሚሷን ጫፍ በጥርሷ ይዛ ሱሪው እንዴት እንደተቀደደ አሳየችው።

ሴቭራን መጀመሪያ ፈዞ አያት። ከዚያ እንባው እየወረደ ሳቀ። ሳቁን አልሰማውም፤ እሷ ግን ሰማችው፤ ሮጣም አንገቱ ላይ ተጠመጠመች።

ከዚያ በኋላ ለዘጠኝ ፊልሞች ሙዚቃ ጻፈ። እያንዳንዱን መጀመሪያ የምትጫወተው ብላንዲን ናት፤ እሱም ከፊት ለፊቷ ተቀምጦ ፊቷን ያያል። ጠዋት ከንፈሯ «ተነሳ እንጂ፣ አንተ ሰነፍ!» ሲል ሲያይ ድምፅዋ በጭንቅላቱ ይሰማዋል፤ መፍራቱንም ተወ።