ማስ ወይስ ምባክ

ዶክተር ፕራዎቶ የተገኙት መመርመሪያ ክፍላቸው ውስጥ ጠረጴዛቸው ላይ እንደተደፉ ነው። ማጅራታቸውን የመታቸው የነሐስ መብራት ወለሉ ላይ ወድቋል። በማግስቱ በሶሎ ከተማ አዳራሽ ቆመው «ወንድ ሆኖ ተወልዶ ሴት ነኝ ማለት የአእምሮ በሽታ አይደለም» ብለው ሊከራከሩ ነበር። ግማሹ ከተማ ጠምዶ ይዟቸዋል። በዚያ ከሰዓት ግን ከእሳቸው ሌላ ቤቱ ውስጥ የነበሩት ሦስት ሰዎች ብቻ ናቸው።

ኢንስፔክተር ሱላሲህ ስትደርስ አንዷ በካቴና ታስራለች። ራትሚ ትባላለች፤ ፀጉር ሠሪ ናት። ስትወለድ በወንድ ስም ራትሞ ተብላ ነበርና ፖሊሶቹ «አንተ» እያሉ ያመናጭቋታል።

«ምን ልታደርጊ መጣሽ?» አለቻት ሱላሲህ።

«ነገ አብሬያቸው ልመሰክር ነበር፣ እትዬ። ዶክተር ሄንዳርቶ ‹ላድንህ› እያለ በኤሌክትሪክ ሲያቃጥለኝ የኖረውን። በጓሮ በር ብገባ ደማቸውን አየሁና ነጠላ ጫማዬን እንኳ ትቼ ሮጥኩ።»

«ለምን ትሮጫለሽ?»

«እኔን ማን ያምነኛል?»

ራትሚን ያስያዛት ምስክር ራሱ ሄንዳርቶ ነው፤ የሟቹ የቀድሞ ተማሪ፣ የነገው ተከራካሪያቸው።

«ነገሩን በእርቅ እንጨርሰው ልላቸው መጥቼ፣ መኪናዬ ውስጥ ዝናቡ እስኪያባራ ስጠብቅ ዶክተሩ ጮኹ» አለ። «በርሬ ገባሁ። ይሄ ሰውዬ በጓሮ ሲወጣ አየሁት።»

«ምን ብለው ጮኹ? ቃል በቃል ይንገሩኝ።»

«‹ማስ ራትሞ፣ ተው! አትግደለኝ!› እስክሞት ከጆሮዬ አይወጣም።»

ሱላሲህ ወደ በረንዳው ወጣች። ግቢው ጭቃ በጭቃ ነው። በሩ ሥር ጥቁር የወንድ ጫማ ክሩ ተፈቶ ጎን ለጎን ተቀምጧል። ከዚያ ወጥ ቤት ገብታ ሠራተኛዋን ጊነምን ጠየቀቻት።

«ወለሉን ወልውለሻል?»

«ምንም አትንኪ ተብዬ!»

«ዶክተሩ ራትሚን ማን ብለው ይጠሯት ነበር?»

«ምባክ ነዋ! እኔ አንዴ ማስ ብዬ ሻይ ባቀርብላት ጌታዬ ስንት ቀን አኮረፉኝ።»

እኛ ሶሎዎች ወንድን ማስ፣ ወንድሜ፣ ሴትን ምባክ፣ እህቴ እንላለን። ልዩነቱን ሕፃን ልጅም አይስተውም።

ሱላሲህ ሦስቱንም በረንዳው ላይ ሰበሰበቻቸው።

«ዶክተር ሄንዳርቶ፣ በርሬ ገባሁ ብለዋል። ታዲያ የጫማዎን ክር ማን ፈታልዎ?»

ሄንዳርቶ እግሩን አየ። በካልሲ ቆሟል። በእኛ ዘንድ ጫማ አድርጎ ሰው ቤት መግባት ነውር ነው፤ ሊገድል የመጣውን እንኳ ይሄ ልማድ አልለቀቀውም።

«በኋላ ነው ያወለቅኩት!»

«ጭቃውስ? ወለሉ ንጹሕ ነው። እንደ እንግዳ ቀስ ብለው ገቡ፤ እሳቸውም ተማሪያቸውን አምነው ጀርባቸውን ሰጡ። ጩኸቱን ደግሞ እርስዎ ነዎት የፈጠሩት። ዶክተር ፕራዎቶ ይህችን ልጅ ማስ ብለው አያውቁም፤ ዕድሜ ልካቸውን የተከራከሩት ለዚሁ ነው። ሞት ፊታቸው ቢቆም እንኳ ምባክ ራትሚ ነበር የሚሏት። ማስ ራትሞ የሚለው እርስዎ ነዎት። ነገ ሁለቱ ቢናገሩ ክሊኒክዎ አከተመለት። ስለዚህ አንዱን ገድለው ደሙን በሌላዋ ላይ ለጠፉ።»

ሄንዳርቶ ራትሚ ላይ አፈጠጠ።

«ወንድ ላደርገው ትንሽ ነበር የቀረኝ» አለ።

ካቴናው ከእሷ እጅ ወደ እሱ እጅ ተዛወረ።

አስከሬኑ ከምርመራ ሲመለስ የሰፈሩ ሽማግሌ የማጠቢያ ውሃ አስቀዱ። ወንድን የሚያጥበው ወንድ ነው፤ ዶክተሩ ግን ወንድ ልጅም ወንድምም የላቸውም። ራትሚ እጅጌዋን ሰብስባ ቀረበች።

«ማስ ራትሞ ነኝ ካልክ ግባ» አሉ ሽማግሌው፣ ያለ ክፋት። «ሴት ነኝ ካልክ ግን አይሆንም።»

ራትሚ ደጃፉ ላይ ቆማ አለቀሰች። በካቴና ታስራ እንኳ አላለቀሰችም ነበር።

«እሳቸው እህቴ እንዳሉኝ ነው የሞቱት» አለች። «ወንድ ነኝ ብዬ አልነካቸውም።»

ሴቶቹ ወደተቀመጡበት ዞረች። ጊነም ሰሌኑ ላይ ፈቀቅ አለችላት።

«ነይ ምባክ» አለቻት፣ «እዚህ ጋ ተቀመጪ።»