ሥዕል በሶፍት ልዋጭ

«አሮጌ ጋዜጣ በሶፍት ልዋጭ!»

የመኪናው ድምፅ ማጉያ የቶኪዮን ሰፈር ያደነቁራል። ሺዙኖ ካርቶን ታቅፋ ከስቱዲዮው ደረጃ ትወርዳለች። ከላይ ጋዜጣ ነው። ከሥር የአንድ ሙሉ የካርቱን ፊልም ንድፎች። የስቱዲዮው አዲስ ባለቤት ሊያቃጥላቸው ነው፤ የፊልም ቤተ መዛግብቱ ደግሞ ሊያተርፋቸው እሷን ልኳል። የሚስጥር ስሟ «ሽመላ»። ሽፋኗ ወረቀት ለዋጭነት።

ካርቶኑ አዘነበለ። ንድፎቹ ተበተኑ።

ሰብስባ፣ ሳታስበው በጣቶቿ መሃል ሰካክታ አፈራረቀቻቸው። ወረቀቱ ላይ የተሳለችው ልጅ እንደ ፊልም ሮጠች።

«ቆዪ አንቺ!»

ሽማግሌው ኩራሞቺ ናቸው። ንድፎቹን የሳሉት እሳቸው።

«ወረቀት ለዋጭ እንዲህ አይገልጥም። ሥዕል የት ተማርሽ?»

ያ ሁሉ የስለላ ትምህርት! ጣቷ አሳበቀባት።

«ጋሼ፣ እኔ...»

«ቤተ መዛግብቱ ንድፎቹን ስጡን ሲል ነበር። ለእሱ ነው?»

በአዎንታ አንገቷን ነቀነቀች።

«በይ የቀረውንም ውሰጂ። ከጠየቁኝ ጃጅቼ በሶፍት ለወጥኩት እላለሁ።» ሳቁ። «ስንት ጥቅል ይደርሰኛል?»

ሶፍቱን በሁለት እጃቸው ተቀብለው ጎንበስ አሉላት። አፈረች።

መኪናው ውስጥ አለቃዋ ኢሶዛኪ ይጠብቃል። «ቀበሮ» ይሉታል።

«ሁሉም መጣ?»

«ሁሉም። ወደ ቤተ መዛግብቱ ንዳ።»

«የምን ቤተ መዛግብት? ገዢ አግኝቻለሁ። ቅጠል በቅጠል እንቸረችረዋለን።»

ሺዙኖ ወደ ታች አየች።

የድምፅ ማጉያው ማይክ መሃላቸው ተጋድሟል። በአውራ ጣቷ ቁልፉን ተጫነች።

«ምን አልክ?»

«እንሸጠዋለን! ያንን ጅል ሽማግሌ በሶፍት ሸወድነው አይደል?»

ሰፈሩ በሙሉ ሰማ።

መስኮቶች ተከፈቱ። አንዲት ሴትዮ «ሌባ!» ብለው መጥረጊያቸውን ይዘው ወጡ። ኢሶዛኪ በሩን በርግዶ እግሬ አውጪኝ አለ። ሺዙኖ መሪውን ያዘች።

ያኔ ቀና አለች።

ኩራሞቺ የስቱዲዮው ደጃፍ ላይ ቆመዋል። ሰምተዋል። «ሸወድነው» የሚለውን ሰምተዋል።

ወርዳ እግራቸው ላይ ብትወድቅ ደስ ባላት። ግን ሴትዮዋ እየደረሱ ነው። ካርቶኖቹ ከኋላ አሉ።

ሽማግሌው ሶፍቱን ቀስ ብለው መሬት አስቀመጡ። በሩን ዘጉት።

ነዳች።

ቤተ መዛግብቱ ንድፎቹን ተረከበ። አንዲትም ቅጠል አልጎደለችም። «ኩራሞቺ ጋ ሰው ላኩ፤ እውነቱን ንገሯቸው» ብላ ለመነች።

«ሽመላ የምትባል ሠራተኛ የለችንም» አሏት።

የስለላ ሥራ እንዲህ ነው።

የለዋጭ ልብሷን አውልቃ ባቡር ውስጥ ከሕዝቡ ጋር ተቀላቀለች። ፊቷን ያየ ማንም የለም።

እሷ ግን ሸፈነችው።