የባንኩ ወለል

«አባትሽ ስልካቸውን እስኪጨርሱ አንድ ነገር ላሳይሽ» አለችና የባንኩ ሠራተኛ የኮምፒውተሩን ፊት ወደ ልጅቷ አዞረችው።

ልጅቷ በመስታወቱ በኩል ወደ ውጭ ተመለከተች። አባቷ ደረጃው ላይ ቆሞ ከአንድ ደንበኛው ጋር ያወራል። ግራ እግሩን አጠፍ አድርጎ ክብደቱን በሙሉ በቀኙ ላይ ጥሎታል። ከልጅነቱ ጀምሮ በሰው ቤት ወለል ላይ ተንበርክኮ ሴራሚክ ሲያነጥፍ የኖረ ሰው ነው፤ ጉልበቱ ከዕድሜው ቀድሞ አርጅቷል። ሐኪሙ «ቢያንስ ቅዳሜን አርፍ» ብሎታል። ወደ ባንክ የመጡትም ለዚሁ ነው። የቤቱ ብድር የሚከፈልበት ዓመት ቢረዝም በየወሩ የሚከፍሉት በሁለት ሺህ ብር ይቀንሳል፤ ሁለት ሺህ ብር ደግሞ የቅዳሜዎቹ ገቢ ነው።

«የቀረባችሁ ይኼ ነው» አለች ሠራተኛዋ፤ በእስክሪብቶዋ ጫፍ ስምንት መቶ ስልሳ አምስት ሺህ የሚለውን ቁጥር እየነካች።

«ከነወለዱ ነው?»

«አይ፣ ዋናው ብቻ። ወለዱ ገና በየወሩ የሚታሰብ ነው።»

ልጅቷ ቁጥሩን ደግማ አነበበችው። የተበደሩት አንድ ሚሊዮን ነበር። «እኛ እኮ ስምንት ዓመት ሙሉ ከፍለናል» አለች። «ከሃያው ስምንቱን። አንድም ወር አላሳለፍንም።»

«አውቃለሁ የኔ ቆንጆ፤ አባትሽ ከደመወዝተኛ ይልቅ ቀን ያከብራሉ። ግን ወለድ የሚታሰበው ባልተከፈለው ዕዳ ላይ ነው። መጀመሪያ ላይ ዕዳው ሙሉ ስለሆነ ወለዱም ሙሉ ነው። በመጀመሪያው ወር ከከፈላችሁት ከእያንዳንዱ መቶ ብር ዘጠና አራቱ ለወለድ ነው የሄደው። ከዕዳው ላይ የተነሣላችሁ ስድስት ብር ነው። እያደር ይሻሻላል፤ አሁን ከመቶው ወደ ዐሥራ ዘጠኝ ደርሳችኋል።»

«ዓመቱ ሲረዝምስ?»

ሠራተኛዋ ወደ ደረጃው ሰረቅ አድርጋ አየች። «ከዛሬ ጀምሮ ሃያ አምስት ዓመት ሲሆን ወደ ሦስት ብር ይመለሳል። ለአባትሽ ነግሬያቸው ነበር፤ እሳቸው ግን የወሩን ብቻ ነው የሰሙኝ። ሰው ሁሉ የወሩን ነው የሚሰማው።»

አባቷ ስልኩን ኪሱ እየከተተ ገባ። «ጨረሳችሁ? ሰኞ መጥቼ እፈርማለሁ» አለ። ከዚያም በአገጩ ወደ ልጁ እያመለከተ፣ «ይቺን እዚሁ ቅጠሯት፤ ቁጥር ካገኘች ምሳ አትጠይቅም» ሲል ቀለደ።

መንገዱን ሙሉ ስለ ቅዳሜ አወራ። እስከ ቀትር እንደሚተኛ፣ የቀሰቀሰው ሰው ቁርስ እንደማይቀምስ፣ እናቷን ይዞ በእግሩ ሽርሽር እንደሚወጣ ተናገረ። «በዚህ እግርህ?» ብላ ልታሾፍበት ይገባት ነበር፤ ሁልጊዜ የምታደርገው ይህንኑ ነው። ዛሬ ግን በልቧ ቁጥሮቹን እየደመረች ከጎኑ ተራመደች።

ቤቱን ሲገዙት ወለሉ ሁሉ ባዶ ሲሚንቶ ነበር። ለአንድ ሴራሚክ አንጣፊ ይህ የአንድ ወር ሥራ ነው፤ አባቷ ግን እምቢ አለ። «በባንክ ወለል ላይ የራሴን ሴራሚክ አላነጥፍም» አለ። ወለሉን በኖራ ሃያ ቦታ ከፈለው፤ የብድሩ ዘመን ሃያ ዓመት ስለሆነ። አንድ ዓመት ከፍሎ በጨረሰ ቁጥር አንዱን ክፍልፋይ ያነጥፍና «ይኼ የኛ ነው» ይላል። «ጣሪያውና ግድግዳውስ?» ሲሉት፣ «እሱን በቅድሚያ ክፍያው ጨርሼዋለሁ፤ የቀረኝ ወለሉ ነው» ብሎ ይመልሳል። ጎረቤቶች ቤቱ ሲሚንቶ የሆነ ሴራሚክ አንጣፊ እያሉ ይስቁበት ነበር። እሱም አብሯቸው ይስቅ ነበር።

በመጀመሪያው ዓመት መግቢያው ተነጠፈ። በሁለተኛውና በሦስተኛው ኮሪደሩ፣ ከዚያ ኩሽናው፣ ከዚያ ሳሎኑ። ቤቱ ውስጥ የተወለደው ታናሽ ወንድሟ፣ ጩጬ፣ ሌባና ፖሊስ የሚጫወተው በዚሁ ሕግ ነበር፤ ሲሚንቶውን የረገጠ ሁሉ «ባንክ ያዘው» ተብሎ ከጨዋታ ይወጣል። እሷም ዐሥራ አምስት ዓመት እስኪሞላት ድረስ ከሳሎኑ ሴራሚክ ወደ ክፍሏ ስትሻገር፣ ሳታስበው ረጅም እርምጃ ትራመድ ነበር።

ዘንድሮ ተራው የእሷ ክፍል ነው። ውሃ ሰማያዊውን ሴራሚክ የመረጠችው ራሷ ነች። ቅዳሜ ጠዋት አልጋዋንና ቁምሳጥኗን ወደ ኮሪደሩ አወጡ፤ እናቷ ዳቦ ቤት ሥራ ገብታለች፤ አባቷ የጉልበት ትራሱን አስሮ ከክፍሉ ጥግ ተንበረከከ። ሲንበረከክ ከአፉ ያመለጠችውን የሕመም ድምፅ በሳል ሊሸፍናት ሞከረ።

«ውሃ ልኩን አቀብዪኝ።»

ወለሉ እንዳይዘም የሚለካበትን መሣሪያ አቀበለችው። ሙጫውን ለቅልቆ፣ ሴራሚኩን አስቀምጦ፣ በላስቲክ መዶሻው ቀስ እያደረገ መታ መታ አደረገው። በአፍንጫው ዜማ ያንጎራጉራል። እሷ ትናንት ከባንክ ከተመለሱ ጀምሮ ቁጥሮቹን ሁለት ጊዜ አስልታቸዋለች፤ ሁለቱም ጊዜ ያው ነው። ዝም ብትል ሰኞ ይፈርማል፤ ደስ ብሎት ይፈርማል። ብትነግረው ደግሞ ምን ልትሰጠው ነው? የሚያርፍባትን ቅዳሜ ቀምታው፣ ያነጠፈውን ቀምታው፣ በምትኩ ቁጥር ልታስታቅፈው ነው።

«አባዬ።»

«ወዬ።»

«ሰኞ ባትፈርምስ?»

«ምነው፣ ቅዳሜንም ልታሠሪኝ አሰብሽ?» አለ ቀና ሳይል።

«ከዕዳው ስንቱን የከፈልን ይመስልሃል?»

«ምን ይመስልሃል ያስብላል፤ እያየሽው።» በመዶሻው እጀታ ወደ ሳሎኑ ጠቆመ። «ከሃያ ሰባት። ይኼ ሲያልቅ ስምንት።»

«ሦስትም አልሞላም።»

መዶሻው ቆመ። እንጉርጉሮውም ቆመ።

«ማን ነው ያለው?»

«የባንኳ ልጅ አሳየችኝ። እኔም አስልቼዋለሁ።»

«ተሳስተው ይሆናላ። ያንን ሁሉ ወረፋ እያስተናገዱ…»

«አልተሳሳቱም አባዬ። የከፈልከው ሁሉ ተመዝግቧል። ሲደመር ከአንድ ሚሊዮን ይበልጣል። ግን አብዛኛው ወለድ ነው።»

ሊቆጣ ይሆን ብላ ጠበቀች። አልተቆጣም። መዳፉን ወለሉ ላይ አስደግፎ ቀስ ብሎ ተነሣ። «አሳዪኝ» አለ።

ወረቀቷን ልታመጣ ፈለገች። ከዚያ ግን አባቷ ወረቀት ሳይሆን ወለል የሚያነብ ሰው መሆኑ ትዝ አላት። ወደ ኮሪደሩ ወጥታ፣ በአልጋውና በቁምሳጥኑ መካከል አልፋ፣ ኩሽናው በር ከመድረሷ በፊት ቆመች። «እዚህ ጋ» አለች፤ በጫማዋ ጫፍ በሁለት ሴራሚኮች መሐል ያለውን መስመር እየነካች።

እያነከሰ መጣና አጠገቧ ቆመ። ወደ መግቢያው አየ፤ ከዚያ ወደ ፊት።

«ኩሽናው?»

«ገና ነው።»

ስለ ሳሎኑ አልጠየቀም። በሩን ተደግፎ ያን መስመር ቁልቁል ሲመለከት ቆየ። ሳሎኑን ያነጠፈበት ዓመት ሥራ ጠፍቶ፣ ሌሊት ዘበኝነት እየሠራ ክፍያውን እንዳላሳለፈ እሷም ታስታውሳለች።

«ታዲያ ይኼን ሁሉ ዓመት ምን ስከፍል ነው የኖርኩት?»

«የገንዘቡን ኪራይ።»

«ኪራይ» አለ፤ ቃሉን እንደማያውቀው ሰው። ይህን ቤት ከመግዛታቸው በፊት አራት ቤት እየለቀቁ፣ ዕቃቸውን በጋሪ እየጫኑ ከሰፈር ሰፈር የተንከራተቱት ኪራይ እየጨመረባቸው ነው። ቤት የገዛው ያቺን ቃል ከአፉ ለማውጣት ነበር።

የቀረውንም ነገረችው፤ ጀምራ ማቆም ውሸት መሰላት። በዚሁ ከቀጠሉ ከዐሥራ ሁለት ዓመት በኋላ ያልቃል፤ እሱም ሃምሳ ሰባት ዓመቱ ይሆናል። ሰኞ ከፈረመ ግን ሲያልቅ ሰባ ይሞላዋል። በየወሩ ሁለት ሺህ ለማቅለል ብለው በመጨረሻ አንድ ሚሊዮን ሦስት መቶ ሺህ ጨምረው ይከፍላሉ።

«ያኔ ቤቱን ስንገዛ ከተበደርነው ይበልጣል» አለች። «ሌላ ቤት ገዝተን ለባንኩ እንደመስጠት ነው።»

«ገብቶኛል።» እጁን ጉልበቱ ላይ አሳረፈ። «አንቺም ልክ ነሽ፣ ባንኩም ልክ ነው። ይኼ ጉልበት ግን ሒሳብ አይገባውም። ምን ልበለው?»

ለጉልበቱ የሚሆን ቁጥር ስታሰላ አላገኘችም ነበር።

«ሙጫው እየደረቀ ነው» አለና ተመለሰ። የተቦካ ሙጫ የሚጥል ሰው አይደለም። ተንበረከከ፤ በዚህ ጊዜ ድምፁን በሳል አልሸፈነውም። እንደ ቀድሞው በውሃ ልክ እየለካ፣ ቅንጣት ታህል የጎደለውን እያነሣ እንደገና እየለቀለቀ አነጠፈ። የባንክ ነው ብሎ አላዳላም። ዜማው ግን አልተመለሰም።

እናቷ ከቀትር በኋላ ዳቦ ይዛ ገባች። አባቷ ከክፍሉ ሳይወጣ በአጭሩ ነገራት፤ «ልጅሽ ውሃ ልክ ሆና ወለላችን ዘመም ማለቱን አገኘችው» አለ። እናትየው ነገሩ እስኪገባት ሁለት ጊዜ ጠየቀች። ከዚያ ፌስታሏን እንደያዘች ኩሽናው በር ላይ ቆመች።

«እኔ እኮ ለእህቴ ኩሽናው አልቋል ብያት ነበር» አለች፤ ለማንም ሳይሆን።

ምሳውን ተቀምጠው በሉ። ጩጬ ብቻ ነበር የሚያወራው። ልጅቷ ዳቦዋን እየቆረሰች ስለ ክፍሏ ታስባለች። ክፍሉ ወደ ግቢው የሚያስወጣ የራሱ በር አለው። ከእነሱ በፊት የነበሩት ባለቤቶች ያከራዩት ነበር። አጠገባቸው ያለችው ባልቴት ከዚህ የምታንስ ክፍል አከራይታ በወር ሦስት ሺህ ትቀበላለች።

«ክፍሉ የውጭ በር አለው» አለች።

ሁሉም ገባቸው። እናቷ እጇን ከማዕዱ አነሣች።

«አይሆንም» አለ አባቷ።

«ሦስት ሺህ ብር ያወጣል። የቅዳሜውን ሥራ ትተዋለህ። ሰኞም አትፈርምም።»

«አይሆንም አልኩ። ዐሥራ አምስት ዓመትሽ ነው፤ በር ዘግተሽ የምታጠኚበት ያስፈልግሻል። ልጄን ከክፍሏ አስወጥቼ ሰው አላስገባም። ይኼን ነገር እንዳትደግሚልኝ።»

አልደገመችለትም። እናቷ ሳህኖቹን ሰበሰበች፤ እያጠበች አንድ ጊዜ ዞር ብላ ባሏን አየችው፤ እሱ ግን አልተመለከታትም።

አመሻሹ ላይ ክፍሉ አለቀ። ውሃ ሰማያዊው ወለል ከጥግ እስከ ጥግ ተዘርግቶ አበራ፤ ካሰበችው በላይ ያምራል። በሩ ላይ ቆማ አየችው። እስከ ነገ ድረስ ስለማይረገጥ አልገባችበትም። ግድግዳው ላይ የለጠፈቻቸውን ሥዕሎች ከዚያው ሆና አንድ በአንድ አየቻቸው።

ወደ ኮሪደሩ ተመልሳ ወንድሟን ጠራችው። «ጩጬ፣ ና የአልጋውን እግር ያዝ።»

«ወዴት ልንወስደው?»

«ወደ አንተ ክፍል።»

«ለዛሬ ብቻ ነዋ?»

«ጠበቅ አድርገህ ያዝ፤ እንዳይወድቅብህ።»

«አንኮራፋለሁ እኮ፤ ኋላ እንዳትበሳጪ።»

«እኔ ደግሞ መብራት አላጠፋም። ያዝ በቃ።»

አነሡት። አልጋው ኮሪደሩን ሞላው። አባቷ እጁን ታጥቦ ሲወጣ ፊት ለፊት ተገጣጠሙ። ሙጫ የደረቀበት ክንዱን በፎጣ እያደረቀ፣ ከአልጋው ወዲያ ልጁን ተመለከታት። ወደ ጩጬ ክፍል እንደሚወስዱት፣ ክፍሏንም ለተከራይ እንደለቀቀች አቅጣጫው ይናገራል። «አስቀምጪው» ሊል አፉን ከፈተ። እሷም አልጋውን አላወረደችም፣ አልገፋችም፤ ቆማ ጠበቀችው።

«ከበደኝ እኮ» አለ ጩጬ ከኋላ።

አባቷ ፎጣውን ትከሻው ላይ ጣለ። ከዚያም ጀርባውን ግድግዳው ላይ ለጥፎ፣ ያመመውን እግሩን ወደ ራሱ ሰብስቦ፣ መንገዱን ለቀቀላቸው።