ሦስት ሰከንድ የዘገየው በር

ይህ ታሪክ እውነት ካልሆነ የስልኬ ባትሪ ዕድሜ ልኩን ሁለት ፐርሰንት ላይ ይቅር!

ዓዲ ሓቂ ሰፈር ባለች አንዲት የሶፍትዌር ቢሮ፣ አለቃው ገብረዝጊ አንድ ሐሙስ ጠዋት ጄኔሬተር ክፍል ውስጥ ጭስ አፍኖት ሞቶ ተገኘ። የክፍሉ በር ከውስጥም ከውጭም የሚከፈተው በስልክ ነው፤ ቢሮው በፒኤችፒ ኮድ ጽፎ በሠራው ገጽ ላይ «ክፈት»ን በመንካት። ገብረዝጊ አርባ ጊዜ ነካ፤ በሩ ወይ ፍንክች። ጩኸቱን ጄኔሬተሩ ዋጠው።

ኢንስፔክተር ኣብርሀት ሦስቱን ሠራተኞች ሰብስባ የቢሮውን በር ቆለፈች፤ ቁልፉን ኪሷ፣ ካቴናውን ጠረጴዛ ላይ አደረገች። ፕሮግራመሩ ወንድሜነህ መስኮቱን አየ፤ ፍርግርግ። ካቴናው አፉን ወደ እሱ የከፈተ መሰለው።

«ገጹ የቆመበት ፍሬምወርክ የአድራሻ ፋይሉን ከላይ ወደ ታች ነው የሚያነበው» አለ ባልደረባው ሓፍቶም። «ቀድሞ የገጠመው መስመር ጥያቄውን ይወስዳል። ከ‹በር ክፈት› በላይ የበር ጥያቄን ሁሉ ጠልፎ ባዶ ገጽ የሚሰጥ መስመር ገብቷል። ስሙ የወንድሜነህ፣ ቀኑ ማክሰኞ።»

«ዛሬ ጠዋት እኮ ዩኒቨርሲቲ እያስተማርኩ ነበር!» አለ ወንድሜነህ።

«ማክሰኞስ?» አለች ኣብርሀት።

ወንድሜነህ ካቴናውን ዳግም አየ። ማክሰኞ እዚሁ ብቻውን ነበር።

«ኣያ ገብረዝጊም ‹ያንን ፕሮፋይለር አጥፋ› እያለ ይጮኽበት ነበር» አለች ጸሐፊዋ ፍሬወይኒ።

«ምንድነው እሱ?» አለች ኣብርሀት።

«እያንዳንዱ ጥያቄ በየት እንዳለፈ፣ ስንት ጊዜ እንደፈጀ ይመዘግባል» አለ ወንድሜነህ። « ስህተት ስንፈልግ ነው የምንከፍተው። እኔ ግን... አላጠፋሁትም።»

«ኣጆኻ ሓወይ፤ አይዞህ ወንድሜ፣ አሳየኝ።»

ኣብርሀት አነበበች፤ ደግማ አነበበች። ከዚያ ዞረች።

«ሟቹ አራት ሰዓት ላይ ‹ክፈት› ብሎ ነው የገባው፤ በሩ ወዲያው ታዘዘው። መስመሩ የማክሰኞ ቢሆን ባልገባ ነበር! ከአራት ደቂቃ በኋላ ሊወጣ ሲነካ ግን ገጹ ሦስት ሰከንድ ፈጀ። ለምን፣ ወንድሜነህ?»

«ፋይሉ ሲለወጥበት... ፍሬምወርኩ መንገዱን እንደ አዲስ ያጠናል። ለመጀመሪያው ጥያቄ ብቻ!»

«ስለዚህ መስመሩ የተጻፈው ሰውየው ውስጥ እያለ ነው። ስምና ቀን የፈለጉትን መጻፍ ይቻላል። ፋይሉን መንካት የሚችሉት ስንት ኮምፒውተሮች ናቸው?»

«ሁለት» አለች ፍሬወይኒ። «የወንድሜነህና የሓፍቶም።»

«የወንድሜነህን ስክሪን በዚያ ሰዓት ዩኒቨርሲቲ አርባ ተማሪ በፕሮጀክተር ግድግዳ ላይ ሲያየው ነበር። ሓፍቶም፣ አንተስ?»

«ገብረዝጊ እኔ የሠራሁትን ሥርዓት ለወንድሜነህ ሊያስረክበው ነበር!» አለ ሓፍቶም፤ ስቅስቅ ብሎም አለቀሰ።

ካቴናው ገጭ አለ። ኣብርሀት በሩን ስትከፍት ወንድሜነህ የመጀመሪያውን ሙሉ ትንፋሽ ሳበ።

ደህና፣ አንድ ነገር ዋሽቻለሁ፤ ሓፍቶም አላለቀሰም። እጁን ለካቴናው እየዘረጋ «ሦስት ሰከንድ? እኔ ስሞክረው እኮ ሁለት ነበር» ነው ያለው።