የኮርኑዋይ ሁለተኛው መሰላል

እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር በአንድ ሺህ ስምንት መቶ ዘጠና አንድ ዓመት፣ በጥቅምት የመጀመሪያው እሑድ፣ ከባሕር የተነሣ ጉም የኬርመሌንን ወደብ ሸፈነው፤ የቤተ ክርስቲያኑ ጉልላት ጠፋ፤ የዓሣ አጥማጆቹ ጀልባዎች ጠፉ፤ በጉሙ ውስጥ የሚታየው በመርከብ መሥሪያው ግቢ የቆመው የአዲሱ ብረት ለበስ የጦር መርከብ የጎን አጥንት ብቻ ነበር። ስሙ ኮርኑዋይ እንዲባል ከፓሪስ ታዝዟል። በውሃው ልክ ሆዱ ሰፊ ሆኖ ወደ ላይ ሲወጣ ወደ ውስጥ እየጠበበ የሚሄድ፣ ጋን የመሰለ መርከብ ነው፤ ከላይ የተቀነሰው ክብደት ጎኑን ለሚያለብሱት ብረት እንዲውል ታስቦ ነው እንዲህ የተሠራ። ይህን ያሰበው መሐንዲስ፣ ሰው በአክብሮት «ሙሴ» ብሎ የሚጠራው ኦክታቭ ዴርቪኝ፣ በዚያው ጉም ውስጥ ዳገቱን እየወጣ ወደ ጡት እናቱ ወደ ካተል ለጎፍ ቤት ይሄድ ነበር።

ካተል ስድሳ ዓመት ሊሞላት ጥቂት የቀራት ባልቴት ነበረች፤ ባሏን ባሕር በልቶባታል፤ ከወለደቻቸው የተረፈላት ኤርቬ ብቻ ነው። ኤርቬን አቅፋ ገና ከአራስ ቤት ሳትወጣ የዴርቪኝ ቤት እመቤት በወሊድ ሞቱና ሕፃኑን አምጥተው በሌላው ጡቷ ላይ አኖሩባት፤ እንግዲህ መሐንዲሱ ኦክታቭና የመርከብ ምድጃ ሠራተኛው ኤርቬ የአንድ ጡት ልጆች ናቸው። በልጅነታቸው ተንሸራታች በር ባለው ሣጥን አልጋ ውስጥ አብረው ይተኙ ነበር። ኦክታቭ በሩ ጥርቅም ብሎ ከተዘጋ ትንፋሽ እያጠረው ያለቅስ ነበርና፣ ኤርቬ የእንጨት ጫማውን በክፍተቱ ይሸጉጥለታል፤ በሩም ሌሊቱን ሙሉ ገርበብ እንዳለ ያድራል።

አሁን ኦክታቭ በግቢው ሲያልፍ ባርኔጣ የሚወልቅለት ሰው ሆኗል፤ ቢሆንም እሑድ እሑድ የጥቁር ስንዴ ቂጣና አሬራ ሊበላ ወደ ካተል ዘንድ መምጣቱን አልተወም። በዚያን ቀን ከበላ በኋላ ከምድጃው ከሰል አነሣና መርከቡን ለሁለት ሰንጥቆ እንደሚያይ ሰው አድርጎ ጠረጴዛው ላይ ሳለው።

«የኔ ቤት የቱ ጋ ነው?» አለ ኤርቬ።

«እዚህ፤ ከውሃው በታች።»

«አየሽ እማ፤ ይኸው ዛሬም እሱ ፎቅ፣ እኔ ምድር ቤት።»

«ብርድ አትወድም ብዬ ነው እንጂ» አለ ኦክታቭ፤ ሁለቱም ሳቁ።

ካተል አልሳቀችም። እሷ ሁልጊዜ ቤት ስትገባ በሩን፣ ጀልባ ስታይ ቀዳዳውን የምትፈልግ ሴት ነበረች፤ ልጆቿ ሐሩር ነው ሲሉ ሹራብ የምታለብስ፣ ደረቅ ነው ሲሉ ወለሉን የምትዳብስ። እና መውጫው በየት በኩል እንደሆነ ጠየቀች። ኦክታቭም ከምድጃዎቹ በላይ የመድፍ ጥይት የማይበሳው ወፍራም የብረት ጣሪያ እንደሚነጠፍ፣ በዚያ ጣሪያ ላይ ሁለት መውጫ እንደሚተው፣ አንዱ መሰላል ከኋላ፣ ሁለተኛው ደግሞ እሳቱ ፊት ለፊት ሰዎቹ ቆመው በሚሠሩበት ቦታ እንደሚሆን አስረዳት።

«ብረት ላይ ቀዳዳ መተው አያስቸግርም?»

«ያስቸግራል። ዙሪያውን እንደ ጉድጓድ አፍ በወፍራም ብረት መከበብ አለበት፤ ይከብዳል። ግን እተወዋለሁ።»

«ማልልኝ።»

«እማ፣ እኔ እኮ ነኝ።»

«አንተ ስለሆንክ ነው የማስምልህ።»

ኦክታቭ እየሳቀ እጁን በሣጥን አልጋው በር ላይ አድርጎ ማለላት፤ ሁለተኛውንም መሰላል በከሰሉ አደመቀው። ካተል ጠረጴዛውን ለሦስት ቀን ሳትወለውል ቆየች።

ነገር ግን በዚያ ዘመን መርከብ በአንድ ሰው ሐሳብ አይሠራም ነበር። ሚኒስትር ይሾማል፤ ወንበሩ ሳይሞቅ ይሻራል፤ የሚተካውም ከቀደመው የተለየ መርከብ ይፈልጋል። አንዱ አናቱ ላይ መድፍ የሚሸከም ወፍራም ምሰሶ ይቁም አለ፤ ሁለተኛው ምሰሶው ይጠር፣ በለውጡ ግን ሌላ መሣሪያ ይጨመር አለ፤ ሦስተኛው አድሚራሉ ከምሳ በኋላ ነፋስ የሚቀበልበት፣ ዓምዶቹ ቅጠል የተቀረጸባቸው ሰገነት ከመርከቡ ኋላ ይሠራ ብሎ አዘዘ። ሁሉም ፊርማ እንጂ ሚዛን አልነበራቸውም። መርከቡ በተጫነበት ቁጥር በውሃው ውስጥ ዝቅ ይላል፤ ዝቅ ሲል ደግሞ የጎኑ ብረት ከውሃ በታች ይገባና ከጥይት የሚከላከለው ነገር አይኖርም። ኦክታቭ ይህን ጽፎ ላከ፤ ሰገነቱ የጸደቀ ነገር ነው የሚል መልስ መጣለት። እምቢ ቢል ሥራው ተነጥቆ ለሌላ መሐንዲስ እንደሚሰጥ በቅን ሰዎች አፍ ተነገረው፤ የስንት ዓመት ድካሙ ነው።

ክፉ ሰው አልነበረም። ብቻውን ተቀምጦ በንድፉ ላይ የሚቀነስ ነገር ፈለገ። ምሰሶው የሚከራከርለት የመድፈኞች አዛዥ አለው፤ መሣሪያው የራሱ መኮንኖች አሉት፤ ሰገነቱ አድሚራል አለው። በስብሰባው ላይ የሚናገርለት ሰው ያልነበረው በየምድጃው ቤት ያለው ሁለተኛው መሰላል ብቻ ነበር፤ በብረት የተከበበው አፉ ደግሞ እጅግ ከባድ ነው። ለስላሳ ዳቦ ቆርሶ፣ የንድፍ ሰዎች እንደሚያደርጉት በፍርፋሪው እያሸ የእርሳሱን መስመር አጠፋው። ከመርከቡ የፍጥነት ሙከራ በኋላ እመልሰዋለሁ ብሎ ለራሱ ነገረው። ከዚያ ሳምንት ጀምሮ እሑድ መምጣቱ ቀረ፤ በምትኩ በሰው እጅ ስኳርና የሱፍ ጨርቅ ይልክ ጀመር፤ ካተልም ለጎረቤቶቿ ሥራ በዝቶበት ነው እያለች ትመልስለት ነበር።

በዘጠና ሰባት ዓመት የጸደይ ወራት ኮርኑዋይ ለፍጥነት ሙከራ ተዘጋጀ፤ ኤርቬም የፊተኛው ምድጃ ቤት አለቃ ሆኖ ተመደበ። መርከቡን አይቶ በተመለሰ ማታ ሾርባውን እየጠጣ አመሰገነው፤ ምድጃዎቹ ያማሩ ናቸው፤ እሳቱን ለማፋፋም አየር በማራገቢያ በግድ ስለሚነፋ በሩ ተከርችሞ ነው የሚሠራው። ከዚያ እንደ ቀላል ነገር፣ መሰላሉ አንድ ብቻ እንደሆነ፣ ያም ከኋላ እንደሆነ ጣል አደረገ። ካተል ማንኪያዋን አስቀመጠች።

በማግስቱ በስታርች የደረቀ ነጭ ሻሿን አስራ ወደ ግቢው ወረደች። በመሐንዲሱ ክፍል ውስጥ የመርከቡ አምሳያ በእንጨት ተሠርቶ ቆሟል፤ ሰገነቱ ከቀጭን ናስ ተሠርቶ ያበራል። ኦክታቭ እንዳያት ተነሥቶ በሩን ዘጋ።

«ሁለተኛው መሰላል የታለ?» አለችው ሳትቀመጥ።

ስለ ክብደቱ፣ ስለ ሚኒስትሮቹ፣ ስለ ሰገነቱ ሁሉንም ነገራት፤ አልዋሻትም።

«እዚህ ሰገነት ላይ ስንት ሰው ነው የሚቆመው?»

«አንድ። እንግዳ ካለ ሦስት።»

«ታችስ?»

ኦክታቭ የናሱን ሰገነት አቧራ በጣቱ ጠረገ።

«አሁን ብረቱ አይበሳም?»

«መርከቡ ተመልሶ መፈታት አለበት። ይህን ብል እኔን አንሥተው ሌላ ያስቀምጣሉ፤ የሚመጣውም አይበሳውም።»

«አንተ እኮ በር ሲዘጋብህ የምታለቅስ ልጅ ነበርክ።»

ኦክታቭ ፊቱን ወደ መስኮቱ አዞረ። ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ «ኤርቬን ላስወጣው እችላለሁ» አለ። «ወደ ጎታች ጀልባ እንዲዛወር ከኔ አንድ ቃል ይበቃል። ምክንያቱን አያውቅም።»

«በሱ ቦታስ?»

«ሰው ይገባል።»

«ማን?»

«እማ፣ እሱን አትጠይቂኝ።»

አልጠየቀችውም። ልጅ ቀብሮ አንድ የቀረው ሰው ይፍረድባት፤ ሌላው ምን ብሎ ይፈርዳል። የሻሿን ማሰሪያ አጥብቃ፣ «አስወጣልኝ» አለችና ወጣች።

በሳምንቱ መጨረሻ ጎረቤቷ ጃኔድ፣ አብራት ልብስ የምታጥብ፣ እንደሷ ባሏን ያጣች ሴት፣ ቅቤ በሳሕን ይዛ ሣቅ እያለች ገባች፤ ልጇ ጎልቬን የምድጃ አለቃ ሆኖ ኮርኑዋይ ላይ ተመድቧል፤ ሚስቱም አርግዛለች። ካተል ቅቤውን ተቀበለች፤ እጇ ግን ሳሕኑን የሚያስቀምጥበት አጣ።

«ለምን ትንሽ አይቆይም? ሙከራው እስኪያልፍ እንኳ» አለች በመጨረሻ።

ጃኔድ አየቻት። «ካተል፣ ያንቺ ልጅ ስለተነሣ ነው እንዴ? እኔ እኮ ያንቺ ሲሾም ደስ ብሎኝ ነበር።»

እውነቱን ለመናገር አንድ ዐረፍተ ነገር ይበቃ ነበር። ያ ዐረፍተ ነገር ከወጣ ግን ኤርቬ ይሰማል፤ ኤርቬ ከሰማ ደግሞ ጓደኛውን በቦታው ትቶ የሚቀመጥ ልጅ እንዳልሆነ ታውቀዋለች፤ እሷ ናት ያሳደገችው። «እንኳን ደስ ያለሽ» አለቻት።

የሙከራው ዕለት ባሕሩ ጸጥ ያለ፣ ሰማዩም የጠራ ነበር፤ የከተማው ሰው ገደሉ ላይ ወጥቶ መርከቡ ጭሱን እየጎተተ ሲያልፍ አጨበጨበ። በሦስተኛው ምልልስ ላይ በፊተኛው ምድጃ ቤት ውሃው እንፋሎት ከሚሆንበት ጋን አንድ ቧንቧ ፈነዳ። እንፋሎቱ በሰዎቹና በኋላው መሰላል መካከል ገባ፤ የብረቱ ጣሪያም ጥይት እንዳይገባበት የተሠራ ነበርና ምንም አላስወጣም። ጎታች ጀልባዎቹ ደርሰው በሩ ሲከፈት፣ ቤቱን የሚያውቀው ኤርቬ ነበርና እሱ ቀድሞ ወረደ።

ማታ ወደ ቤት ሲመለስ ካተል ውሃ አሙቃ ጠበቀችው። አልታጠበም። ጠረጴዛው ፊት ቆሞ ድሮ ሥዕሉ የነበረበትን ቦታ በጣቱ ነካው።

«መሰላሉ ጋ አልነበሩም» አለ። «እሳቱ ፊት ተሰብስበው ነው ያገኘኋቸው። እዚህ ጋ፤ ኦክታቭ ሁለተኛውን መሰላል የሳለው ጋ። ጎልቬን እጁን ወደ ጣሪያው ዘርግቶ ነው የደረቀው።»

ካተል ፎጣውን ይዛ ቆመች።

«ጎበዝ ነው ብለው ያዛወሩኝ መስሎኝ ነበር እኮ» አለ ኤርቬ። «አንቺ ነሽ እሱ ዘንድ የሄድሽው?»

«እናት ነኝ።»

«ጃኔድስ ምንድን ናት?»

ኤርቬ ልብሱን በሸራ ከረጢት አስገብቶ፣ ቀብሩ እስኪያልፍ ጎታች ጀልባው ላይ አደረ፤ ከዚያም ሩቅ ወዳለው ወደብ ወደ ደንከርክ ሄዶ ቀረ። አንዳንዴ ከዚያ የሚመጡ መርከበኞች ደኅና ነው ይሏት ነበር፤ እሱ የላከው ቃል ግን አልነበረም።

በቀብሩ ቀን ኦክታቭ የክብር ልብሱን ለብሶ፣ ሰይፉን ታጥቆ፣ ከባለ ሥልጣናቱ ጋር ቆሟል። ካተል ስታልፍ ከሰልፉ አንድ እርምጃ ወጥቶ «እማ» አላት።

«ሙሴ ዴርቪኝ፣ መንገዱን ይልቀቁልኝ» አለችው።

መርማሪዎቹ ቧንቧው በአሠራሩ ጉድለት እንደነበረበት፣ ሠራተኞቹም በድንጋጤ መውጫውን እንዳልተጠቀሙበት ጽፈው ፈረሙ። መርከቡ በመከር እንደገና ተሞክሮ ከታሰበለት ፍጥነት በላይ ሮጠ፤ ለመሐንዲሱም የክብር ቀይ ጥብጣብ በደረቱ ተሰካለት። ጥቂት ዓመታት አልፈው ሌላ ሚኒስትር ተሾመና ሰገነቱን ለጦርነት የማይረባ ጌጥ ነው ብሎ አስነቀለው፤ በዚህ በተገኘው ክብደት በየምድጃው ቤት ለሁለተኛ መሰላል ብረቱ ተበሳ። ሰገነቱን የወደቡ ምግብ ቤት ባለቤት ወስዶ በቤቱ ፎቅ ላይ ተከለው፤ በበጋ ሰዎች እዚያ ተቀምጠው ኦይስተር የሚባለውን ከዛጎል ውስጥ የሚወጣ የባሕር ምግብ እየበሉ ባሕሩን ያያሉ። የዚያን ቤት የጠረጴዛ ልብስ የምታጥበው ጃኔድ ናት፤ ከሥሩ ስታልፍ ያማረ ነው ትላለች እንጂ ከየት እንደመጣ አታውቅም። አንድ ቀን ቅርጫቱን አስቀምጣ ካተልን፣ «የኔም ቢሄድ ያንቺ መትረፉ ያጽናናኛል፤ ይመጣል፣ አይዞሽ» አለቻት።

ዛሬ ስለ መርከቦች የሚጽፉ ሰዎች ኮርኑዋይን ያስታውሳሉ፤ ስለ ጎኑ አሠራር፣ ስለ ብረቱ ውፍረት፣ ስለ ፍጥነቱ በአድናቆት ያወሳሉ፤ በሙከራ ጊዜ የደረሰበትን አደጋ በግማሽ መስመር አልፈውት ወደ መድፎቹ ይሻገራሉ። የሟቾቹ ስም የተቀረጸበትን ድንጋይ የባሕሩ ጨው በልቶታል። በዳቦ ፍርፋሪ ስለጠፋው መስመር የጻፈ የለም፤ አንዲት እናት ልጇን ስታወጣ በማን ልጅ እንደተካችው የጠየቀም የለም። ካተል ለጎፍ እስክትሞት ድረስ በሣጥን አልጋዋ በር ክፍተት ላይ አሮጌ የእንጨት ጫማ ሸጉጣ ትተኛ ነበር፤ ሊገንዟት የመጡት ሴቶች፣ ጃኔድም መካከላቸው ሆና፣ ጫማውን ከዚያ አውጥተው በሩን ዘጉት።