ለዓለም ያለው ፋይዳ

የፖሊስ ጣቢያው አዛዥ ሻምበል አሻግሬ ሬሳ ሊያይ ወደ ሐዲዱ ሲጠራ ኮሎኔል ወልደየሱስም ቅጹን በብብቱ ሸጉጦ ተከተለው። ኮሎኔሉ ከዋናው መሥሪያ ቤት የመጣው የፖሊስ ጣቢያዎችን ሊመዝን ነው። የውጭ አማካሪዎች ያዘጋጁት ቅጽ ሁለት ዓምድ አለው፤ አንዱ «ለአውራጃው ያለው ፋይዳ»፣ ሌላው «ለዓለም ያለው ፋይዳ» ይላል። ሚዛን ያልደፋ ጣቢያ ይዘጋል።

«ዘንድሮ ስንት ዓለም አቀፍ ወንጀለኛ ያዛችሁ?» ብሎት ነበር ኮሎኔሉ ጠዋት።

«ከደብረ ዘይት የመጣ አንድ የበሬ ሌባ፣ ጌታዬ። ከዚያ ማዶ አልሄድንም።»

ሟቹ ቡልቻ ይባላል፤ በ«ንጋት» የአቡጀዲ ፋብሪካ የሽመና መኪናዎች ጠጋኝ ነበር። የስድስት ሰዓት ተኩሉ የጭነት ባቡር ባሕር ዛፎቹ በሚጋርዱት መታጠፊያ ላይ ሁለት እግሩን ቆርጦት ሄዷል። የሐዲዱ ዘበኛ በዛብህ እጁን ታስሮ አጠገቡ ቆሟል።

«ሻምበል፣ በልጆቼ አምላክ! የማቋረጫውን ሰንሰለት ዘግቼ ነበር። በእኔ በኩል ዝንብ አላለፈም።»

«አንቀላፍተሃል፤ ሰው አስገድለሃል» አለ ኮሎኔሉ። «ወህኒ ይውረድና መዝገቡ ይዘጋ፣ አሻግሬ። ይኼ ምርመራ የሚያሻው ነገር አይደለም።»

አሻግሬ ሬሳው አጠገብ ተንበረከከ። የሟቹ ፀጉርና ቅንድብ በጥጥ ብናኝ ነጥቷል። ጭንቅላቱን ባቡሩ አልነካውም፤ ሆኖም ግራ ጆሮ ግንዱ ላይ የአሥር ሳንቲም ገንዘብ ስፋት ያላት ጥልቅ ቀዳዳ አለች። ከእግሮቹ በታች ያለው ጠጠር ደም ጠጥቶ ጠቁሯል። አሻግሬ ጠጠሩን ረዘም ላለ ጊዜ አየው።

የቡልቻ ሚስት ዳሲቱ ከፋብሪካው ጀርባ ባለች አንዲት ክፍል ቤት ተቀምጣለች። አላለቀሰችም። ጎረቤቶቿ በዚህ ሊያሟት ጀምረዋል።

«ለምሳ ሲወጣ ብናኝ በራሱ ላይ ይኖራል?» አላት አሻግሬ።

«ቡልቻ? ኧረ በጭራሽ! ማንም ሠራተኛ አየር በሚነፋው ቱቦ ራሱን ሳያስነፋ ከአዳራሹ አይወጣም። ብናኝ ይዞ የወጣውን የሰፈር ልጆች ‹አቶ ጥጥ› እያሉ እስከ ገበያ ይሸኙታል። እሱማ ሁለቴ ነው የሚነፋው...» አቋረጠች። «ነበር።»

«ሰሞኑን ያስጨነቀው ነገር ነበር?»

«ክር ይዞ የሚመላለሰው መወርወሪያ መከላከያ ብረቱ ሥራ ያዘገያል ተብሎ ከመኪናዎቹ ላይ ተነሥቷል። መወርወሪያው ዘሎ አንድ ቀን ሰው ይገድላል ይል ነበር። ዛሬ ለአለቆቹ ልንገር ብሎ ነው የወጣው።» ቀና ብላ አየችው። «ዘበኛውን አሰራችሁት አሉ። እሱ ምን አደረገ?»

አሻግሬ ወደ ፋብሪካው በር ሄደ። የዘበኞቹ አለቃ ገብረጻድቅ ከጥጥ ውዳቂ ነጋዴው ከሙህዲን ጋር እየተጨቃጨቀ ነበር።

«በምሳ ሰዓት ምን ምን መኪና ወጣ?»

«የሙህዲን ካሚዮን፣ ሻምበል።»

«ፈተሽከው?»

«ፈተሽከው ይላሉ እንዴ!» አለ ሙህዲን። «በዚያ ረጅም ብረት ጆንያዎቼን አንድ በአንድ ወንፊት አድርጎልኛል። አቡጀዲ ደብቄ እንደሆነ! ከውስጡ አይጥ ብትኖር አትተርፍም።»

«ሌላስ መኪና?»

ገብረጻድቅ ጉሮሮውን ጠረገ። «የዋናው መሐንዲስ፣ የፈረንጁ የሙሴ ሩዶልፍ።»

«እሱንስ ፈተሽከው?»

«እሱ ሰው ነው እንዴ የሚፈተሸው? ማለቴ... ጥሩምባ ሲነፋ በሩን እንከፍትለታለን።»

አሻግሬ የሽመናውን አዳራሽ አይቶ ሲመለስ ሁሉንም በዘበኞቹ ቤት ሰበሰባቸው፤ ሙህዲንን፣ ገብረጻድቅን፣ በዛብህን ከነእስሩ፣ ሙሴ ሩዶልፍንም። ኮሎኔሉ ብቸኛዋ ወንበር ላይ ተቀመጠ። ዳሲቱ ሳትጠራ መጥታ በሩ ላይ ቆመች።

«ቡልቻ በእግሩ ከፋብሪካው አልወጣም» ሲል ጀመረ አሻግሬ። «ቢወጣ ኖሮ ብናኙን ያስነፋ ነበር። ስለዚህ በዛብህ ያላየው ስላንቀላፋ አይደለም፤ በሰንሰለቱ በኩል ያለፈ እግረኛ ስላልነበረ ነው። ቡልቻን መኪና ነው ያወጣው። በሙህዲን ካሚዮን ወጥቶ ቢሆን የገብረጻድቅ ብረት ያገኘው ነበር፤ ሬሳው ላይ ግን ከጆሮ ግንዱ ቀዳዳ በቀር ሌላ ውጋት የለም። የቀረው ሳይፈተሽ የሚወጣው መኪና ነው።»

ከኪሱ አንድ መወርወሪያ አወጣ። የብረት ጫፉ የአሥር ሳንቲም ያህላል።

«ይህን ያገኘሁት መከላከያ ከሌለው የሽመና መኪና ሥር ነው። ጫፉ ላይ ፀጉር አለ። ሌላው ወለል በብናኝ ተሸፍኖ ሳለ የዚያ መኪና ሥር ብቻ ታጥቧል። ሠራተኛው ለምሳ ሲወጣ ቡልቻ አደጋውን ለመሐንዲሱ ሊያሳይ ቀረ። የሽመናው መኪና ተነሣ፤ መወርወሪያው ዘሎ መታው። እስከዚህ ድረስ አደጋ ነው።»

«አደጋ፣ አዎ!» አለ ሩዶልፍ በተሰባበረ አማርኛ። «እኔ ሞቷል መሰለኝ! ፋብሪካ ይዘጋል ብዬ...»

«አልሞተም ነበር» አለ አሻግሬ። «ሐዲዱ ላይ ያለው ጠጠር ደም ጠጥቷል፤ ሬሳ እንደዚያ አይደማም። ባቡሩ እግሩን ሲቆርጠው ልቡ ትመታ ነበር። ክሊኒኩ ከአዳራሹ ሁለት መቶ እርምጃ ነው፣ ሙሴ። ሐዲዱ ሦስት ኪሎ ሜትር ነው።»

ዳሲቱ የበሩን መቃን ያዘች።

ኮሎኔሉ ወጥቶ ስልክ ደወለ። ሲመለስ የማንንም ዓይን አላየም።

«ኤምባሲው ሰምቷል። ሰውዬው ከእኔ ጋር ይሄዳል። አገሩ ይዳኘዋል።»

«ይዳኘዋል፣ ጌታዬ?»

«የሰፈር ፖሊስ የሚይዘው ጉዳይ አይደለም አልኩህ። መዝገቡን ስጠኝና ዘበኛህን አሁኑኑ ፍታ። እምቢ ካልክ መዝገቡንም ዘበኛውንም ይዤ እሄዳለሁ።»

አሻግሬ በዛብህን አየው። ዘበኛው የታሰሩ እጆቹን ዘረጋለት። መዝገቡን ሰጠ፤ ገመዱንም ራሱ ፈታ።

ኮሎኔሉ ቅጹን ጉልበቱ ላይ ዘርግቶ በመጀመሪያው ዓምድ «ከፍተኛ» ብሎ ጻፈ። በሁለተኛው ላይ ሰረዝ አሰመረበት። «ጣቢያህ አይዘጋም። ደስ ይበልህ» አለና መሐንዲሱን በኋላው ወንበር አስቀምጦ ወደ ከተማ ነዳ።

አቧራው እስኪሰክን ዳሲቱ አልተንቀሳቀሰችም።

«ይመልሱታል?»

ሊዋሻት ፈልጎ ነበር። «አይመልሱትም።»

ነጠላዋን ወገቧ ላይ አጥብቃ አሰረች። «እንግዲያው ቡልቻን ስጡኝ። እሱን እንኳ ዓለም አይፈልገውም።»

አሻግሬ የሬሳ ማስረከቢያውን ወረቀት አወጣ። ለዚያስ የእሱ ፊርማ ይበቃል።